ስለ ውሃ ስሌት፤ ኮምፒዩተርና የመሬት ካርታ ለውሃ ሥራ ስለሚሰጡት ጥቅምና ስለሚጠይቁት ጥንቃቄ

ውሃ ለአገር ሀብትም ጥፋትም የሚሆን ነገር ነው። በልክ የተያዘ እንደ ሆነ መስኖ ያጠጣል፥ መብራት ያበራል፥ ከብት ያረካል፤ ልኩ ሳይታወቅ የቀረ እንደ ሆነ ግን እርሻ ይጠርጋል፥ ድልድይ ይሰብራል፥ መንደር ያፈርሳል። ስለዚህ ግድብ ከመሠራቱ፥ ቦይ ከመቆፈሩ፥ ድልድይም ከመጣሉ በፊት ከሁሉ አስቀድሞ ሊመለስ የሚገባው ጥያቄ፥ በዚህ ስፍራ ምን ያህል ውሃ በምን ጊዜ ይመጣል? የሚለው ነው።

ይህን ጥያቄ ለመመለስ መሐንዲሶች ቀድሞ በወረቀትና በእርሳስ ብዙ ወራት ይደክሙ ነበር። በፈረንጅ አቆጣጠር በ1966 ዓ.ም. ክራውፎርድና ሊንስሊ የተባሉ ሁለት ሊቃውንት በአሜሪካ አገር በስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ፥ ዝናብ ከወደቀበት ሰዓት ጀምሮ ወንዝ እስኪደርስ ድረስ የሚሄድበትን መንገድ በኮምፒዩተር የሚያሰላ ሥራ አሳተሙ። ከዚያም ወዲህ ይህ ጥበብ በየአገሩ ተስፋፋ። ከአሜሪካ የእርሻ ሚኒስቴር የወጣው ስዋት የሚባለው የስሌት ሥርዓትና ከአሜሪካ ጦር ሠራዊት መሐንዲሶች የወጣው ሄክ ኤችኤምኤስ የሚባለው በኢትዮጵያም ወንዞች ላይ ብዙ ጊዜ ተሠርቶባቸዋል። (ከዚህ በታች በፈረንጅ አቆጣጠር ያልተባለው ዓመት ሁሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው።)

እንግዲህ ዛሬ ወደ አንድ ወረዳ የሚመጣ የውሃ ጥናት ሁሉ ማለት ይቻላል፥ በቀለም ያጌጠ ካርታና በኮምፒዩተር የተሰላ ቍጥር ይዞ ይመጣል። ሹሙም ፈቃድ እንዲሰጥ፥ ባለ መሬቱም መሬቱን እንዲለቅ ወይም ገንዘቡን እንዲያወጣ የሚጠየቀው በዚሁ ቍጥር ምክንያት ነው። ስለዚህ ቍጥሩ ከየት እንደ መጣ፥ ምንስ ያህል እንደሚታመን ማወቅ ለመሐንዲሱ ብቻ የሚተው ነገር አይደለም።

1ኛ፤ ሞዴል ማለት ምን እንደ ሆነ

በጉና ተራራ ላይ ደመና ሲጠቍር አይቶ ከብቱን ከጉማራ ወንዝ ዳር የሚያርቅ ገበሬ፥ ሳይጽፈው በልቡ የያዘው ስሌት አለው። ዝናቡ የት እንደ ወደቀ፥ ውሃው በየትኛው ሸለቆ እንደሚወርድ፥ ከስንት ሰዓት በኋላ ከእርሱ ዘንድ እንደሚደርስ ያውቃል። ሞዴል ማለትም ይኸው ዕውቀት በቍጥር ተጽፎ ለኮምፒዩተር የተሰጠ ማለት ነው። ልዩነቱ ገበሬው የሚያውቀው አንድ ወንዝ ብቻ ሲሆን፥ ኮምፒዩተሩ ግን ሰፊ አገርን ከብዙ ዓመት ዝናብ ጋር አንድ ላይ ማስላት መቻሉ ነው።

ዳሩ ግን ገበሬው ያየውን ያውቃል፤ ኮምፒዩተር ግን የተነገረውን ብቻ ያሰላል። ሐሰት የተነገረው እንደ ሆነ ሐሰቱን እስከ ነጥቡ ድረስ አጣርቶ ያወጣዋል። የተነገረውም እውነት ይሁን ሐሰት፥ የሚወጣው ካርታ በመልኩ አንድ ዓይነት ነው።

2ኛ፤ የመሬቱ ከፍታና ዝቅታ እንዴት እንደሚታወቅ

ለስሌቱ መሠረት የሚሆነው የመሬቱ ቅርጽ ነው። በየካቲት ወር 1992 ዓ.ም. ኢንዴቨር የተባለችው የጠፈር መንኰራኵር 11 ቀን ያህል ምድርን እየዞረች በራዳር ከዓለም የብስ ከመቶ 80 እጅ የሚሆነውን ለካች። ከዚህም ልኬት በየ30 ሜትሩ የመሬቱን ከፍታ የሚናገር መዝገብ ተዘጋጅቶ በነፃ ለሕዝብ ተሰጠ። የኢትዮጵያ ተራራና ሸለቆም በዚሁ መዝገብ ውስጥ ይገኛል።

አሠራሩም እንዲህ ነው። አገሩ ሁሉ እንደ ገበጣ ጉድጓድ በእኩል ተከፋፍሎ፥ እያንዳንዱ ክፍል አንድ የከፍታ ቍጥር ይሰጠዋል። 15,000 ኪሎ ሜትር ካሬ ያህል የሚሆነው የጣና ተፋሰስ በዚህ አከፋፈል ከ16 ሚሊዮን የሚበልጥ ክፍል ይወጣዋል። እያንዳንዱ ክፍል በዙሪያው 8 ጎረቤቶች አሉት፤ ኮምፒዩተሩም ከስምንቱ አብልጦ ወደ ዘቀዘቀው ውሃው እንዲወርድ ያደርጋል። ይህን በየክፍሉ ከደጋገመ በኋላ የትኛው ተረተር ውሃውን እንደሚከፍል፥ የትኛውም ሸለቆ ከማን ዘንድ ውሃ እንደሚቀበል ራሱ ይሥላል። ቀድሞ ቀያሾች ብዙ ወር ይደክሙበት የነበረው የተፋሰስ ወሰን ዛሬ በጥቂት ደቂቃ ይታወቃል፤ የዚህ መሣሪያ ትልቁም ጥቅም ይህ ነው።

3ኛ፤ አፈርና የመሬት ልብስ ስሌቱን እንዴት እንደሚለውጡ

በከፍታው መዝገብ ላይ የአፈሩ ዓይነትና መሬቱን የሸፈነው ነገር ይጨመርበታል፤ ዱር ነው፥ ሣር ነው፥ እርሻ ነው፥ ወይስ ከተማ? ይህ የሚታወቀው ሳተላይት ከሚያነሣው ሥዕልና ከአፈር ካርታ ነው። ለዚህም ብዙ መሐንዲሶች የሚጠቀሙበት፥ በፈረንጅ አቆጣጠር በ1950ዎቹ ዓመታት በአሜሪካ የአፈር ጥበቃ መሥሪያ ቤት የወጣ ሥርዓት አለ። ሥርዓቱ ለእያንዳንዱ መሬት ከ100 የማይበልጥ ቍጥር ይሰጣል። ቍጥሩ ከፍ ባለ መጠን ወደ መሬት የሚሰርገው ውሃ ያንሳል፥ የሚጎርፈውም ይበዛል።

ነገሩ በምሳሌ ሲታይ ይብራራል። ሣርና ዛፍ ለሸፈነው አንድ ኮረብታ 70 ቍጥር ቢሰጠውና በአንድ ቀን 60 ሚሊ ሜትር ዝናብ ቢወርድበት፥ በሥርዓቱ ስሌት መሠረት የሚጎርፈው 10 ሚሊ ሜትር ያህል ነው። ያው ኮረብታ ተመንጥሮና ተራቍቶ ቍጥሩ 85 ቢሆን፥ ከዚያው ከ60 ሚሊ ሜትር ዝናብ የሚጎርፈው 27 ሚሊ ሜትር ያህል ይሆናል። ይህም ለአንድ ኪሎ ሜትር ካሬ መሬት ሲሰላ፥ በፊት 10,000 ሜትር ኩብ የነበረው ውሃ 27,000 ሜትር ኩብ ሆነ ማለት ነው። ዝናቡ አንዲት ነጠብጣብ አልጨመረም፤ የተለወጠው የመሬቱ ልብስ ብቻ ነው። በፊተኛው ልክ የተሠራ ድልድይ የኋለኛውን ጎርፍ የማይችልበት ምክንያት ከዚህ ይታያል።

ስለዚህ ከታች ያለው ባለ መሬት በጎርፍ የሚደርስበት ጕዳት፥ ከላይ ያለው ጎረቤቱ በመሬቱ ላይ ከሚያደርገው ሥራ ጋር የተያያዘ ነው። በላይኛው አገር የሚሠራው እርከንና የሚተከለው ዛፍ ለታችኛው አገር ጥበቃ ነው። ይህንንም ሁለቱ በሽማግሌ ፊት ከሚከራከሩበት ይልቅ በስሌቱ ተመልክተው ቢስማሙ ይሻላል።

4ኛ፤ የኢትዮጵያ ደጋ የራሱ ጠባይ እንዳለው

ከላይ የተነገረው የአሜሪካ ሥርዓት የተዘጋጀው በዚያ አገር እርሻ ላይ በተደረገ ልኬት ስለ ሆነ፥ እንዳለ ተወስዶ በየስፍራው የሚገጥም አይደለም። በኢትዮጵያ ደጋ የአፈር ጥበቃ ምርምር ከተጀመረባቸው ስፍራዎች በወሎ ማይባር፥ በሸዋ አንዲት ጥድ፥ በጎጃም አንጀኒ ይገኛሉ። በነዚህ ስፍራዎች በፈረንጅ አቆጣጠር ከ1980ዎቹ ጀምሮ ዝናቡና ጎርፉ ሲለካ ስለ ኖረ፥ ከልኬቱ ታላቅ ትምህርት ተገኘ።

ይኸውም በብዙው መሬት ላይ አፈሩ ዝናቡን ለመጠጣት የሚበቃ ኃይል ያለው መሆኑና፥ ጎርፉ በይበልጥ የሚነሣው ውሃ ጠግቦ ከሚረግረገው ከታችኛው መሬትና አፈሩ ተጠርጎ ካለቀበት ዳገት መሆኑ ነው። ከዚህም የተነሣ በክረምት መግቢያ የወረደ ዝናብ አብዛኛው ወደ መሬት ይሰርጋል፤ ከትነት የተረፈው ዝናብ ተጠራቅሞ 500 ሚሊ ሜትር ያህል ከደረሰ በኋላ ግን፥ ከዚያ ወዲያ ከሚተርፈው ዝናብ ግማሽ የሚሆነው ወደ ወንዝ እንደሚወርድ በነዚሁ ስፍራዎች ታይቷል። በሰኔ የወረደ 40 ሚሊ ሜትርና በነሐሴ የወረደ 40 ሚሊ ሜትር በመለኪያው ላይ አንድ ቢሆኑም፥ በወንዙ ላይ አንድ አይደሉም። ይህን ያልተነገረው ሞዴል የሰኔን ጎርፍ አብዝቶ የነሐሴን ጎርፍ ያሳንሳል።

ይህ ዕውቀት የተገኘው ከኮምፒዩተር አይደለም። በየቀኑ በዝናብ ውስጥ ወጥተው መለኪያውን ካነበቡ ሰዎች የተገኘ ነው። ኮምፒዩተሩ የጠቀመው እነርሱ የጻፉትን አንድ ላይ አሰባስቦ ሥርዓቱን በማሳየት ነው።

5ኛ፤ ያልተለካ ወንዝ የሚያመጣው ጥርጥር፤ የጣና ምሳሌ

የጣና ሐይቅ ስፋቱ ከ3,000 ኪሎ ሜትር ካሬ ጥቂት ይበልጣል። ብዙ ወንዞች ይገቡበታል፤ ከነርሱም ታላላቆቹ ግልገል ዓባይ፥ ጉማራ፥ ርብና መገጭ የሚባሉት አራቱ ናቸው። በ1988 ዓ.ም. በዓባይ መውጫ በጨረጨራ የውሃ መቈጣጠሪያ ከተሠራ ወዲህ የሐይቁ ከፍታ በሰው እጅ የሚታዘዝ ሆነ። በ2002 ዓ.ም. ደግሞ ከሐይቁ በዋሻ ውሃ የሚቀበለውና 460 ሜጋ ዋት ኃይል እንዲሰጥ የታቀደው የበለስ መብራት ማመንጫ ተመረቀ። በቆጋም 7,000 ሄክታር እንዲያጠጣ የታሰበ ግድብ ተሠርቷል።

ሐይቁ ሰፊ ስለ ሆነ ሰው ውሃው የማያልቅ ይመስለዋል። ከሐይቁ ላይ አንድ ሴንቲ ሜትር ብቻ ቢነሣ 30 ሚሊዮን ሜትር ኩብ ይሆናል፤ 83 ሚሊዮን ሜትር ኩብ የሚይዘው የቆጋ ግድብ ሙሉ ውሃም ከሐይቁ ሲመዘን 3 ሴንቲ ሜትር አይሞላም። ነገር ግን ጥቂት ጥቂቱ ሲደመር ብዙ ይሆናል። በ1995 ዓ.ም. ከዝናብ ማነስና ለጢስ ዓባይ መብራት ከተለቀቀው ውሃ ብዛት የተነሣ ሐይቁ እጅግ ዝቅ ብሎ የመርከብ ጕዞ ለወራት ቆመ፤ የደንገሉ ረግረግ ብዙው ጠፋ፤ ዓሣ አጥማጁም ተጐዳ። በፈረንጅ አቆጣጠር በ2010 ዓ.ም. የታተመ አንድ የኮምፒዩተር ጥናት፥ በዚያን ጊዜ የታቀዱት ሥራዎች ሁሉ ቢፈጸሙ የሐይቁ መካከለኛ ከፍታ 44 ሴንቲ ሜትር እንደሚቀንስ አሰላ። እንደዚህ ያለው ስሌት ጥፋት ከመድረሱ በፊት ማስጠንቀቅ ስለሚችል ትልቅ ሀብት ነው።

አሁን ግን የሚያስጠነቅቅ ሌላ ነገር አለ። ከተፋሰሱ መሬት ብዙው እጅ የወንዝ መለኪያ የለበትም። ከዚህ ካልተለካው መሬት ወደ ሐይቁ የሚገባው ውሃ ምን ያህል እንደ ሆነ ሁለት ጥናቶች መረመሩ። በፈረንጅ አቆጣጠር በ2006 ዓ.ም. የታተመው፥ አራቱ ታላላቅ ወንዞች ከሚገባው ሁሉ ከመቶ 93 እጅ ይሰጣሉ ብሎ ለቀረው 7 እጅ ብቻ ተወ። በፈረንጅ አቆጣጠር በ2009 ዓ.ም. የታተመው ግን ከተለኩት ወንዞች ያገኘውን ጠባይ ባልተለኩት ላይ በሞዴል አስልቶ፥ ያልተለካው ከመቶ 40 እጅ ገደማ ይሆናል አለ። ሁለቱም በሊቃውንት የተሠሩ ናቸው፤ ሐይቁም ያው አንዱ ሐይቅ ነው። ልዩነቱ የመጣው መለኪያ በሌለበት ስፍራ እያንዳንዱ የራሱን ግምት በማስገባቱ ነው። ለመስኖ የሚፈቀደው ውሃ በየትኛው ቍጥር ይከፈል? ይህን ክርክር የሚፈታው ከፍ ያለ ኮምፒዩተር ሳይሆን፥ ባልተለካው ወንዝ ላይ የሚተከል መለኪያ ነው።

6ኛ፤ ካርታው የማያየው ነገር

በሩዝ እርሻው የታወቀው የፎገራ ሜዳ ጉማራና ርብ ወደ ጣና የሚወርዱበት ነው። በ1998 ዓ.ም. ክረምት ይህ ሜዳና የደምቢያ ሜዳ በጎርፍ ተጥለቅልቀው ብዙ ሺህ ሕዝብ ከቤቱ ተፈናቀለ። እንደዚህ ባለው ሜዳ ላይ ጎርፉ የት እንደሚደርስ የሚወስነው የግማሽ ሜትር ከፍታና ዝቅታ ነው።

ከጠፈር የተለካው የከፍታ መዝገብ ግን ሲዘጋጅ የተፈቀደለት ስሕተት እስከ 16 ሜትር ነበር፤ በብዙ ስፍራ ከዚህ በጣም የተሻለ ቢሆንም ግማሽ ሜትርን ለይቶ አያሳይም። ደግሞም ራዳሩ ዛፍ ባለበት ስፍራ የሚያየው መሬቱን ሳይሆን የዛፉን ራስ ነው። 30 ሜትር በሚሆን ክፍል ውስጥ 2 ሜትር ስፋት ያለው ቦይ፥ በወንዙ ዳር የተከመረ የአፈር ክትር፥ ከመንገድ ሥር የተቀበረ ቱቦ አይታይም። ስለዚህ በተራራ ላይ ያማረው የጎርፍ ካርታ በሜዳ ላይ ሊያስት ይችላል፤ እዚያ መሬቱ በእግር ተሂዶ በቀያሽ መሣሪያ መለካት አለበት።

የወንዝ መለኪያውም ቢሆን ጥንቃቄ ይፈልጋል። በመለኪያው ዘንግ ላይ የሚነበበው የውሃው ከፍታ እንጂ የውሃው ብዛት አይደለም፤ ብዛቱ የሚገኘው ወንዙ ፍጥነቱና ስፋቱ በተለካ ጊዜ ከተዘጋጀው ሰንጠረዥ ነው። የርብ ወንዝ በሜዳው ላይ ደለል እየከመረ አልጋው ከፍ ብሏል፤ እንዲህ ባለው ወንዝ ሰንጠረዡ በየጊዜው ካልታደሰ፥ አንዱ የዘንግ ቍጥር የድሮና የዛሬ ውሃውን አንድ አድርጎ ይናገራል። በዚህ ላይ የተሠራ ስሌት ሁሉ ከሥሩ የተጣመመ ይሆናል።

7ኛ፤ ስሌቱ እውነት መሆኑ እንዴት እንደሚመረመር

መሐንዲሶች ሞዴሉን በመጀመሪያ ከተለካ ወንዝ ጋር ያስተካክሉታል፤ ከዚያም ለማስተካከያ ባልገቡ በሌሎች ዓመታት ይፈትኑታል። በፈረንጅ አቆጣጠር በ1970 ዓ.ም. ናሽና ሰትክሊፍ የተባሉ ሰዎች ያወጡት የመመዘኛ ቍጥር እስከ ዛሬ ይሠራበታል። ቍጥሩ 1 ሲሆን ስሌቱ ከተለካው ጋር ፈጽሞ ገጠመ ማለት ነው፤ 0 ሲሆን ግን ስሌቱ በየቀኑ የወንዙን መካከለኛ ልክ ከመናገር አልተሻለም ማለት ነው። በተስተካከለበት ዓመት ብቻ የገጠመ ሞዴል፥ መልሱን አስቀድሞ አይቶ እንደ ተፈተነ ተማሪ ስለ ሆነ ሊመሰገን አይገባውም።

8ኛ፤ ለአስተዳዳሪዎች፥ ለወረዳ ሹማምንትና ለባለ መሬቶች የሚገባ ተግባር

ሀ) በወረዳው ውስጥ ያለውን የዝናብና የወንዝ መለኪያ እንደ መንግሥት ገንዘብ መጠበቅ። ዘንጉ እንዳይነቀል፥ በመለኪያው አጠገብ ዛፍ እንዳይተከል፥ ከብትም እንዳይታሰርበት ማዘዝ፤ አንባቢው ደመወዙን በጊዜው ማግኘቱን መከታተል።

ለ) አንባቢው በተወሰነው ሰዓት አንብቦ ያየውን ብቻ እንዲጽፍ ማስጠንቀቅ። ሳይነበብ ያለፈ ቀን ባዶ ሆኖ ቢቀር ጕዳቱ ጥቂት ነው፤ በግምት የተሞላ ቀን ግን ከእውነተኛው ጋር ተቀላቅሎ ማንም ሊለየው አይችልም።

ሐ) ጎርፍ በመጣ ቍጥር ውሃው የደረሰበትን የመጨረሻ ከፍታ በድልድይ ምሰሶ፥ በግንብ ወይም በድንጋይ ላይ ምልክት አድርጎ ቀኑን መጻፍ። ይህ ወጪ የሌለው ሥራ መለኪያ በሌለበት ስፍራ ለመሐንዲሱ ትልቅ ምስክር ይሆነዋል።

መ) ጥናት በቀረበ ጊዜ እነዚህን ጥያቄዎች መጠየቅ፤ ስሌቱ በየትኞቹ ዓመታት ልኬት ተስተካከለ? መለኪያውስ ከሥራው ስፍራ ምን ያህል ይርቃል? ለማስተካከያ ባልገቡ ዓመታት ተፈትኗል ወይ? የመሬት ልብሱ ካርታ የስንት ዓመተ ምሕረት ነው? በስፍራው ተገኝቶ መሬቱን የረገጠ ማን ነው?

ሠ) አንድ ቍጥር ብቻ ሲቀርብ ትንሹና ትልቁ ልክ ምን እንደ ሆነ ማስጨመር። መሐንዲሱ ስሌቱ ከዚህ እስከዚህ ሊደርስ ይችላል ቢል ድክመት አይደለም፤ ታማኝነት ነው።

ረ) የአገሩን ሽማግሌዎች ከካርታው ጋር ማገናኘት። ካርታው ደረቅ ነው ያለውን መሬት ባላገሩ ውሃ የሚተኛበት ነው ቢል፥ ማንም ሳይናቅ ሁለቱም በስፍራው ሄደው ይመልከቱ።

ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል እንደ ተባለው፥ በቀለም ያማረ ካርታም ሰውን ደስ እያሰኘ ወደ ስሕተት ሊወስድ ይችላል። ኮምፒዩተር ለውሃ ሥራ የማይጠቅም ነው ብሎ የሚተወው ሰው ራሱን ከትልቅ ረዳት ያርቃል፤ የማይሳሳት ነው ብሎ የሚያምነውም ሕዝቡን ለአደጋ ይሰጣል። መካከለኛው መንገድ ስሌቱን መቀበል፥ ነገር ግን ሥሩን በምድር ላይ መፈለግ ነው። በክረምት ጧት ጭቃ ረግጦ ወደ ወንዝ ወርዶ አንዲት ቍጥር በእውነት የሚጽፍ የመለኪያ አንባቢ ከሌለ፥ በከተማ ያለው የስሌት መሣሪያ ሁሉ የሚያሰላው ነገር የለውም። ይህን ሰው መጠበቅና ማክበር ለአንድ ወረዳ ሹም ከሚሠራው የውሃ ሥራ ሁሉ የመጀመሪያው ነው።